ዎንስቴድ ሃውስ የት ሄደ?

ጥያቄው እንዲህ ይላል፦ «የምኖረው ምሥራቅ ለንደን ነው። ከልጆቼ ጋር ዎንስቴድ ፓርክ ሄደን ሐይቆቹን፣ የፈረሰውን ግሮቶ (ሰው ሠራሽ ዋሻ) እና ቤተ መቅደስ የምትመስለውን ትንሽ ሕንፃ አየን። እዚያ ቦታ ላይ ቤተ መንግሥት የሚያህል ቤት ነበረ ይባላል። ቤቱ ግን የለም። ጦርነት ነው ያጠፋው ወይስ እሳት? እንግሊዞች ቅርስ ጠባቂዎች ናቸው ይባል የለም እንዴ? ሲፈርስ ዝም ብለው አዩ?»

ጦርነትም እሳትም አይደለም። ዎንስቴድ ሃውስን ያፈረሰው ዕዳ ነው። ዕዳው የአንድ ሰው ነው፤ የአንዲት ባለጠጋ ወራሽ ባል። ብዙዎች ታሪኩን እዚያ ላይ ያቆሙታል፤ አባካኝ ባል ቤት አፈረሰ ብለው ይዘጉታል። እኔ በዚህ አልስማማም። ሰውየው ጥፋተኛ መሆኑ አያከራክርም። ሕጉ ባያመቻችለት ኖሮ ግን ቤቱ እጅ ቢለዋወጥም ዛሬ ድረስ ይቆም ነበር። ስለዚህ ትንሽ ረዘም አድርጌ ልመልስልዎ። ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

ከገንዘቡ ልጀምር። ቦታው ላይ ቀድሞም ትልቅ ቤት ነበር። የንግሥት ኤልሳቤጥ ባለሟል ሮበርት ደድሊ በ1578 ከንግሥቲቱ ተደብቆ ሌቲስ ኖሊስን ያገባው እዚያ ነው። በ1673 ግን ርስቱን የገዛው መኳንንት ሳይሆን ነጋዴ ነበር፤ ሰር ጆሳያ ቻይልድ። ሥራውን የጀመረው ለባሕር ኃይሉ ቢራና ስንቅ በማቅረብ ነው። ኋላ የምሥራቅ ሕንድ ኩባንያ ገዥ ሆነ። በእሱ ዘመን ኩባንያው በ1686 ሕንድን ይገዛ ከነበረው ከሙጋሉ ንጉሠ ነገሥት ከአውራንግዜብ ጋር ጦርነት ገጠመ፤ ተሸነፈና ይቅርታ ለመነ። አንድ የንግድ ድርጅት ንጉሠ ነገሥት ሊወጋ መነሳቱ ብቻ የሰውየውን ልብ ያሳያል። ቻይልድ ግን በዚህ አልከሰረም። በ1699 ሲሞት ከአገሪቱ ታላላቅ ባለጠጎች አንዱ ነበር። ዎንስቴድ ሃውስ የቆመው ከሕንድ ንግድ በመጣ ገንዘብ መሆኑን መያዝ አለብን። ስለ እንግሊዝ የገጠር ቤቶች ሲወራ ይህ ክፍል ብዙ ጊዜ ይዘለላል፤ መዘለል ግን የለበትም።

ቤቱን የሠራው ልጁ ሪቻርድ ነው። ገንዘብ ወርሷል። ማዕረግ ግን ገና ይፈልጋል። በ1715 ኮለን ካምቤል የሚባል ስኮትላንዳዊ አርክቴክት ቀጠረና አሮጌውን ቤት አስፈርሶ አዲሱን አስጀመረ። ዋናው ሥራ በ1722 ገደማ አለቀ። በመሃሉ፣ በ1718፣ ሪቻርድ ቫይካውንት ካስልሜን ተባለ፤ በ1731 ደግሞ ኧርል ቲልኒ ሆነ። የነጋዴው ልጅ የፈለገውን አገኘ ማለት ነው።

የቤቱ ፊት 260 ጫማ ነበር፤ ወደ 80 ሜትር መሆኑ ነው። የተሠራው በፖርትላንድ ድንጋይ ነው፤ ለንደን ውስጥ የቅዱስ ጳውሎስ ካቴድራል የተሠራበት ያው ነጣ ያለ ድንጋይ። ታችኛው ደርብ ዝቅ ያለና ቆጠብ ያለ ነው። ትልልቆቹ የእንግዳ ክፍሎች ያሉበት ዋናው ደርብ ከእሱ በላይ ነው። መሃል ላይ ስድስት ረጃጅም ዓምዶች ቆመው በላያቸው ሦስት ማዕዘን ግንባር ተሸክመዋል። ዛሬ ባንኩም ፍርድ ቤቱም ሙዚየሙም እንደዚህ ስለሚሠራ ለዓይናችን አዲስ አይደለም። በ1715 ግን የጥንት ሮማ ቤተ መቅደስ ፊት አምጥቶ ሰው የሚኖርበት ቤት ላይ ማቆም ለእንግሊዝ እንግዳ ነገር ነበር። ቀድሞ የነበረው ፋሽን ጌጥ የበዛበት፣ ጣሪያው ላይ ሐውልት የተደረደረበት ባሮክ ነው። ካምቤል ያንን ትቶ ወደ ጣሊያናዊው አርክቴክት ወደ ፓላዲዮ መለሰው። ቀጥ ያለ መስመር፣ የተለካ መጠን፣ ጌጡ ቁጥብ። ቀጥሎ ለመቶ ዓመት ያህል የእንግሊዝ ባለርስት ቤት ሲያሠራ ይህን ነው የቀዳው። በእኔ እምነት ከፈረሱት የእንግሊዝ ቤቶች ሁሉ ትልቁ ኪሳራ ይሄ ቤት ነው። ለመጠኑ አይደለም እንዲህ የምለው፤ ለሌሎቹ ሁሉ ናሙና ስለነበረ ነው።

ውስጡን ማየት ከፈለጉ አንድ ስዕል አለ። ዊሊያም ሆጋርት ገና ወጣት ሳለ የሪቻርድን ቤተሰብ ከእንግዶቻቸው ጋር ስሏል። ስዕሉ አሁን ፊላደልፊያ የሥነ ጥበብ ሙዚየም ውስጥ ነው። ሰዎቹ በትልቅ አዳራሽ ውስጥ በቡድን በቡድን ተቀምጠዋል። ከፊሉ ሻይ ይጠጣል፣ ከፊሉ ካርታ ይጫወታል፣ አንድ አሽከር የተንጠለጠለውን መቅረዝ ሻማ ይለኩሳል። ሁሉም ልብሱን አሳምሮ የተቀመጠው እንዲታይ ነው፤ ቤቱም የተሠራው እንዲሁ እንዲታይ ነው።

ቀጥሎ ያለውን ቶሎ ልለፈው። የሪቻርድ ልጅ ጆን አብዛኛውን ዕድሜውን ጣሊያን አገር ኖሮ በ1784 ያለ ልጅ ሞተ። ርስቱ ለእህቱ ልጅ ለሰር ጄምስ ቲልኒ ሎንግ ሄደ። እሱም በ1794 ሲሞት ወራሹ ገና ሕፃን ነበር። ያ ሕፃን በ1805 አሥራ አንድ ዓመት እንኳ ሳይሞላው አረፈ። የቤተሰቡ ሀብት በሙሉ ገና 16 ዓመት ባልሞላት ታላቅ እህቱ በካትሪን እጅ ገባ።

ካትሪን ቲልኒ ሎንግ ከመኳንንት ማዕረግ ውጭ ካሉ የእንግሊዝ ሰዎች ሁሉ ባለጠጋ ናት ይባል ነበር። የዓመት ገቢዋን 40 ሺህ ፓውንድ ያደርሱታል። ዕድሜዋ ሲደርስ ጠያቂው በዛ። ከጠያቂዎቿ አንዱ የንጉሡ ልጅ የክላረንስ መስፍን ነው፤ ኋላ ዊሊያም አራተኛ ተብሎ የነገሠው። መስፍኑ ከአንዲት ተዋናይት አሥር ልጆች ወልዶ ነበር፤ በዕዳም ተይዟል። ካትሪን እምቢ አለችው። እዚህ ላይ ቆም ብለን እናስተውል፤ ይህች ልጅ ገንዘቧን የሚፈልገውን ሰው መለየት አቅቷት አልነበረም።

የመረጠችው ዊሊያም ዌልዝሊ ፖልን ነው። ናፖሊዮንን ድል ያደረገው የጦር አዛዥ የዌሊንግተን መስፍን የወንድም ልጅ ነው። መልከ መልካም፣ ጨዋታ አዋቂ፣ ኪሱ ባዶ። በመጋቢት 1812 ለንደን ፒካዲሊ ባለው የቅዱስ ያዕቆብ ቤተ ክርስቲያን ተጋቡ። ሙሽራው ቀለበት ረስቶ ከጌጣጌጥ ሱቅ በችኮላ እንዳስመጣ በጊዜው ተወርቷል። ስሙንም ለወጠ፤ ዊሊያም ፖል ቲልኒ ሎንግ ዌልዝሊ ተባለ። የሚስቱን የአባት ስሞች በሙሉ ሰብስቦ በራሱ ላይ ጨመራቸው።

ጥያቄዎ የሚመለሰው እዚህ ላይ ነው። በዚያን ጊዜ በእንግሊዝ ሕግ ያገባች ሴት በራሷ ስም ንብረት መያዝ አትችልም ነበር። ጥሬ ገንዘቧ፣ ጌጧ፣ የቤት ዕቃዋ ካገባችበት ቀን ጀምሮ የባሏ ነው። መሬቷንም የሚያስተዳድረውና ገቢውን የሚወስደው እሱ ነው። ይህ በወጉ የተለወጠው በ1882 ነው። ባለጠጋ ቤተሰቦች ይህን ስለሚያውቁ ከሠርጉ በፊት የጋብቻ ውል ያስጽፋሉ። ርስቱ በባለአደራዎች ስም ይያዛል። ባልየው በሕይወት እስካለ ከገቢው ይጠቀማል፤ መሬቱን ግን አውጥቶ መሸጥ አይችልም። መሬቱ ለሚወለደው የበኩር ልጅ ታስሮ ይቆያል። የካትሪን ቤተሰብም ይህንኑ አደረገ። ጠበቆቹ ሥራቸውን ሠርተዋል ማለት ይቻላል።

ግን ውሉ የተጻፈው መሬትን ከባል እጅ ለማዳን ነው። መሬት ለዘመኑ ሰው ሁሉም ነገር ነው፤ ኪራዩ፣ የምርጫ ድምፁ፣ ማዕረጉ የሚመጣው ከእሱ ነው። ቤቱስ? ቤቱ ወጪ ነው። ኪራይ አያስገባም። ጣሪያው ያፈሳል፣ አሽከር ይፈልጋል፣ ክረምት ከበጋ እንጨትና ከሰል ይበላል። ሰዎቹ ስለ ቤቱ ሲያስቡ፣ ለዘላለም ይኖራል ብለው ነው መሰለኝ፣ ባዶውን ሜዳ የሚያጥር ውል አሰሩ።

ዌልዝሊ ጊዜ አላጠፋም። የፓርኩን አትክልት ለማደስ የዘመኑን ስመ ጥር የአትክልት ንድፍ ባለሙያ ሃምፍሪ ሬፕተንን ቀጠረ። በ1814 ናፖሊዮን ሲሸነፍ ለንግሥና እንደራሴው ልዑል ክብር ዎንስቴድ ላይ ትልቅ ድግስ ደገሰ። ፈረስ፣ አደን፣ ምርጫ። በተለይ ምርጫው ገንዘብ በላ። በ1818 ለዊልትሻየር የፓርላማ መቀመጫ ሲወዳደር እንደ ውሃ ነው ያፈሰሰው። አሸነፈ። የፓርላማ አባል በዕዳ አይታሰርም ነበርና ወንበሩ ለእሱ ከክብርም በላይ ከለላ ነበር። በ1820 ከፓርላማ ሲወጣ ከለላው አብሮ ወጣ። ዕዳው በመቶ ሺዎች ፓውንድ ይቆጠር ጀመር። በ1822 ባሕር ተሻግሮ ሸሸ። ካትሪንም ልጆቿን ይዛ ተከተለችው።

አበዳሪዎቹ ቀሩ። መሬቱ ታስሯል፤ አይነካም። የሚነካው ዕቃው ነው። በሰኔ 1822 ጆርጅ ሮቢንስ የተባለ የታወቀ አጫራች ዎንስቴድ ላይ ሐራጅ ከፈተ። ሐራጁ 32 ቀን ፈጀ። በአንድ ወር ውስጥ የመቶ ዓመት ክምችት ከክፍል ክፍል ተለቅሞ አለቀ። የግድግዳ ምንጣፍ፣ የእብነ በረድ ሐውልት፣ አልጋ፣ መስታወት፣ መጽሐፍ፣ የምድር ቤቱ ወይን ሳይቀር። ካታሎጉ በ5 ሽልንግ ይሸጥ ነበር። ብዙ ሰው የመጣው ለመግዛት አይደለም፤ ትልቅ ሰው ሲዋረድ ለማየት ነው። ከዚህ ሁሉ የተገኘው 41 ሺህ ፓውንድ አካባቢ ነው። ዕዳውን አልሸፈነም።

ቀጥሎ ቤቱ ራሱ መጣ። ሊገዛው የሚችል ባለጠጋ ቢገኝ እንኳ የቆመበትን መሬት መግዛት አይችልም። ስለዚህ ቤቱን ቤት አድርጎ መሸጥ አይቻልም። የሚቻለው ድንጋይ፣ እርሳስ፣ እንጨት አድርጎ መሸጥ ነው። በ1823 ከኖሪች የመጡ ነጋዴዎች በ10 ሺህ ፓውንድ ገዙት። ለማሠራትና ለማደራጀት 360 ሺህ ፓውንድ ወጥቶበታል የሚባለው ቤት ነው በ10 ሺህ የሄደው። ውሉ ላይ ከባድ ሁኔታ ነበረው። እስከ መጋቢት 1825 ድረስ ሁሉንም ማንሳት አለባቸው፤ መሠረቱንም ጭምር። ይህን ስናነብ አንድ ነገር ግልጽ ይሆናል። ቤቱ ፍርስራሽ እንኳ ሆኖ እንዲቀር አልተፈለገም። ለመሬቱ ወራሽ ንጹሕ ሜዳ ማስረከብ ነው ግዴታው።

ሠራተኞቹ ዓምዶቹን አወረዱ፣ ጣሪያውን ገፈፉ፣ የምድጃ ክፈፎቹን ነቀሉ፣ መሠረቱን ቆፍረው አወጡ። ከመሠረቱ የቀረው ጉድጓድ አሁንም አለ። ፓርኩ ውስጥ ፈልገው ያጡት የሚገኘው ከፓርኩ ክልል ውጭ፣ የዎንስቴድ ጎልፍ ክለብ ሜዳ ውስጥ ስለሆነ ነው። ሣር የለበሰ ሰፊ ዝቅታ ሆኗል።

ካትሪን ከዚያ በኋላ ብዙ አልቆየችም። ባሏ ጣሊያን ሳሉ ከአንድ መኮንን ሚስት ጋር ገጠመ። እሷ ልጆቿን ይዛ ወደ እንግሊዝ ተመለሰች። በመስከረም 1825 በ35 ዓመቷ ሞተች። ቤቷ ከምድር ገጽ በጠፋበት ዓመት መሆኑ ነው። ከመሞቷ በፊት ልጆቹን ለአባታቸው እንዳይሰጡ እህቶቿን አደራ አለች። አባትየው ከሰሰ። በ1827 የአገሪቱ ከፍተኛ ዳኛ ሎርድ ኤልደን ልጆቹን ከለከለው። በዚያ ዘመን የአባት ሥልጣን የሚነካ አልነበረምና ፍርዱ ከዚያ በኋላ ለረጅም ጊዜ በሕግ ባለሙያዎች ሲጠቀስ ኖሯል። ሰውየው አላረፈም፤ በ1831 ሴት ልጁን በጉልበት ወስዶ ፍርድ ቤት በመድፈር ታሰረ። በ1845 የሞርኒንግተን ኧርልነትን ከአባቱ ወረሰ፤ ማዕረጉ ግን ዳቦ አልሆነውም። በ1857 ለንደን ውስጥ በኪራይ ክፍል ሲሞት የሚተዳደረው ዘመዱ ሁለተኛው የዌሊንግተን መስፍን በሚሰጠው ሳምንታዊ ድጎማ ነበር።

ሰው ሁሉ የሚያተኩረው በእሱ ላይ ነው። እኔን የሚያንገበግበኝ ግን የካትሪን ነገር ነው። በ22 ዓመቷ ያንን ሁሉ ይዛ ገባች። ሕጉ መሬቷን ለልጇ፣ ገቢዋን ለባሏ ሰጠ። የተወለደችበት ቤተሰብ ቤት ሲፈርስ የእሷን ፈቃድ የሚጠይቅ አንቀጽ አልነበረም።

አሁን ወደ «ዝም ብለው አዩ?» ልምጣ። አዎ፣ ዝም ብለው አዩ። የሚያስቆም ሕግም አልነበረም። የግል ቤት የግል ነው፤ ባለቤቱ ቢያቃጥለው ማንም አይጠይቀውም። የመጀመሪያው የጥንታዊ ሐውልቶች ጥበቃ ሕግ የወጣው በ1882 ነው። እሱም የሚያወራው እንደ ስቶንሄንጅ ስላሉ የጥንት ድንጋዮች ነው። ሰው የሚኖርበትን ቤት በቅርስነት መመዝገብ የተጀመረው ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ነው፤ በ1944 እና በ1947 በወጡት የከተማና ገጠር ፕላን ሕጎች። የተመዘገበን ቤት ለማፍረስ አስቀድሞ ፈቃድ ማግኘት ግዴታ የሆነው ደግሞ በ1968 ነው።

ስለዚህ እንግሊዞች ቅርስ ጠባቂ የሆኑት ብዙ ካጡ በኋላ ነው። በሃያኛው ክፍለ ዘመን ከሺህ በላይ የገጠር ቤቶች ፈርሰዋል። የእነዚያ ምክንያት ከዎንስቴድ ይለያል፤ የእህል ዋጋ መውደቅ፣ በ1894 የመጣው የውርስ ግብር፣ ጦር ሜዳ የቀሩ ወራሾች፣ በጦርነቱ ጊዜ ወታደር የሰፈረባቸው ቤቶች። በ1974 ለንደን ያለው የቪክቶሪያና አልበርት ሙዚየም ስለጠፉት ቤቶች አንድ ዐውደ ርዕይ አቀረበ። ጎብኚው የሚወድቁ ዓምዶች በተሠሩበት አዳራሽ ሲያልፍ የፈረሱት ቤቶች ስም አንድ በአንድ በድምፅ ይነበብ ነበር። የብዙ ሰው አመለካከት የተለወጠው ያኔ ነው። ዎንስቴድ ከእነሱ ሁሉ መቶ ዓመት ቀድሞ ሄዷል።

መሬቱስ? የተጠበቀው መሬት ለበኩር ልጁ ደረሰ። እሱም በ1863 ያለ ልጅ ሲሞት ለአባቱ ዘመድ ለሎርድ ካውሊ ተወው። የለንደን ሲቲ ኮርፖሬሽን ፓርኩን በ1880 ከካውሊ ገዝቶ በ1882 ለሕዝብ ከፈተው። ልጆችዎ የሚሮጡበት ሣር በዚህ መንገድ የመጣ ነው። ያዩት ግሮቶ በሐይቁ ዳር የተሠራ የጀልባ ቤትና መዝናኛ ነበር፤ በ1884 በእሳት ተጎዳ። እሳት የሚለው ግምትዎ ለእሱ ይሠራል። ትንሿ ቤተ መቅደስም የአትክልቱ ማስጌጫ ናት፤ ከ1760 ገደማ ጀምሮ አለች።

ሌላም የቀረ አለ። ብሌክ ሆል ሮድ ላይ፣ ኦቨርተን ድራይቭ መግቢያው ጋ፣ ሁለት ትልልቅ የድንጋይ የበር ምሰሶዎች አሁንም ቆመዋል። ጠጋ ብለው ቢያዩ የሪቻርድ ቻይልድን ስም የሚያመለክቱ የተጠላለፉ ፊደላት ተቀርጸውባቸዋል። በዚያው መንገድ ወደ ውስጥ ከገቡ የቅድስት ማርያም ቤተ ክርስቲያን አለች። ክፍት ሆና ካገኟት የሰር ጆሳያ ቻይልድን የመቃብር ሐውልት ይዩ። የሮማ ሰው ልብስ ለብሶ፣ ራሱ ላይ ግን የዘመኑን ትልቅ ዊግ ደፍቶ ቆሟል። ልጁ የሠራውን ቤት ዓላማ ለመረዳት ከዚህ ሐውልት የተሻለ ነገር አላውቅም።

ቤቱን ራሱን ለማየት ከሁሉ የሚቀርበው ዌንትዎርዝ ዉድሃውስ ነው። ሰሜን ውስጥ፣ ሳውዝ ዮርክሻየር፣ ሮዘራም አጠገብ። የምሥራቁ ፊት መሃል የዎንስቴድ ቅጂ ነው፤ ስድስቱ ዓምዶች፣ ሦስት ማዕዘኑ ግንባር፣ ዝቅ ያለው ታችኛው ደርብ፣ ሁሉም አሉ። ባለቤቶቹ ግራና ቀኙን ስላስረዘሙት ፊቱ ከ600 ጫማ ያልፋል። እሱም ለመፍረስ ትንሽ ነበር የቀረው። በ2017 አንድ የጥበቃ ባለአደራ ድርጅት በ7 ሚሊዮን ፓውንድ ገዛውና ከጣሪያው ጀምሮ ማደስ ያዘ። ለጎብኚ ክፍት ነው። ከመሄድዎ በፊት ግን የመግቢያ ቀኑን አረጋግጡ፤ እድሳቱ ስላላለቀ ሁሉም ክፍል ሁልጊዜ አይከፈትም።